ሳንዲ ኮፋክስ በ1966 ወደ ፊልም ስቱዲዮ የሄደው ለምንድን ነው?

ጃፓናዊው ሾሄይ ኦታኒ በዲሴምበር 2023 ከሎስ አንጀለስ ዶጀርስ ጋር የ10 ዓመት፣ የ700 ሚሊዮን ዶላር ውል ሲፈራረም፣ ዜናው ቤዝቦልን ተከታትለው ከማያውቁ ሰዎች ጆሮ ሳይቀር ደርሷል። የክለብ ባለቤቶችና የተጫዋቾች ማኅበር የሚተዳደሩበት የኅብረት ስምምነት ደግሞ ዲሴምበር 1 ቀን 2026 የሚያበቃ በመሆኑ፣ ተጫዋች ስንት ሊከፈለው ይገባል የሚለው ጥያቄ በአሜሪካ የስፖርት ዜና ውስጥ እንደገና መነጋገሪያ ሆኗል። ይህን ክርክር ከሥሩ ለመረዳት ወደ 1966 መመለስ ያስፈልጋል (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። በዚያ ዓመት የዚሁ ክለብ ኮከብና የዘመኑ ምርጥ ወርዋሪ የነበረው ሳንዲ ኮፋክስ፣ ከጓደኞቹ ጋር ፍሎሪዳ ውስጥ ልምምድ ላይ መሆን ሲገባው፣ ሆሊውድ ውስጥ ከፓራማውንት ስቱዲዮ ጋር በአንድ የፖሊስ ፊልም ላይ ለመተወን ፈርሞ ነበር።

ይህ ድርጊት ብዙ ጊዜ የሚወራው እንደ አንድ ዝነኛ ሰው የአጭር ጊዜ ምኞት ተደርጎ ነው። እውነታው ግን ሌላ ነው። የወቅቱ የውል ሥርዓት አንድ ተጫዋች ከአሠሪው ጋር የሚደራደርበትን በር ሁሉ ስለዘጋበት፣ በእጁ የቀረው ብቸኛ ጉልበት ከቤዝቦል ውጭም እንጀራ እንዳለው ማሳየት ነበር።

ለመሆኑ ወርዋሪ ምን ይሠራል?

በቤዝቦል ሁለት ቡድኖች እየተፈራረቁ ያጠቃሉ፣ ይከላከላሉ። የሚከላከለው ቡድን ዘጠኝ ሰዎች ሜዳ ላይ ያሰልፋል፤ የሚያጠቃው ቡድን ተጫዋቾች ደግሞ በየተራ አንድ አንድ እየሆኑ ዱላ ይዘው ይቀርባሉ። ወርዋሪው በሜዳው መሃል ካለች ጉብታ ላይ ቆሞ፣ 18.44 ሜትር ርቃ መሬት ላይ ከተቀመጠች ነጭ ሰሌዳ በላይ አሳልፎ፣ ከበስተኋላዋ ቁጢጥ ላለው ቀላቢ ኳሱን ይወረውራል። መቺው በተፈቀደው ክልል የመጣለትን ኳስ ሦስት ጊዜ ከሳተ ወይም ሳይሞክረው ካሳለፈ ይሰናበታል፤ ወርዋሪው በበኩሉ አራት ጊዜ ከክልሉ ውጭ ከወረወረ መቺው ሳይለፋ ወደ መጀመሪያው ማረፊያ (መቺዎች በሩጫ ከሚደርሱባቸው የሜዳው ጣቢያዎች ወደ አንደኛው) ይሄዳል። ሦስት ሰዎች ሲሰናበቱ ቡድኖቹ ቦታ ይለዋወጣሉ። ሁለቱም አንድ አንድ ጊዜ ሲያጠቁ አንድ ዙር ይባላል፤ ጨዋታው ዘጠኝ ዙር አለው።

በሰዓት 150 ኪሎ ሜትር የሚምዘገዘግ ኳስ ከወርዋሪው እጅ ወጥቶ መቺው ዘንድ ለመድረስ የሚፈጅበት ጊዜ 0.4 ሰከንድ ያህል ነው። መቺው በዚህች ቅጽበት ኳሱ ፈጣን መሆኑን ወይም የሚታጠፍ መሆኑን ለይቶ ዱላውን ማንቀሳቀስ አለበት። ኳሱ የሚታጠፈው በሽክርክሪቱ ነው፤ እየተሽከረከረ ሲጓዝ አየሩን ወደ አንድ አቅጣጫ ስለሚገፋ ራሱ ወደ ተቃራኒው ያደላል። ኮፋክስ ጣቶቹ ረጃጅም ስለነበሩ ኳሱን ወደፊት አጥብቆ ማሽከርከር ይችል ነበር፤ በዚህም ምክንያት በመቺው ደረት ከፍታ የመጣ የሚመስለው ኳስ ሰሌዳው ጋ ሲደርስ ወደ ጉልበት ይወርድ ነበር። ይህን ኳስ ሲጠብቅ የነበረ መቺ ፈጣኑ ሲመጣበት ይዘገያል፤ ፈጣኑን ሲጠብቅ የነበረው ደግሞ ቀድሞ ሰንዝሮ ይስታል።

ሕይወቱ እንዴት ተጀመረ?

ኮፋክስ የተወለደው ዲሴምበር 30 ቀን 1935 በኒው ዮርክ ከተማ፣ ብሩክሊን ውስጥ ከአይሁድ ቤተሰብ ሲሆን፣ የመጀመሪያ ስሙ ሳንፎርድ ብራውን ነበር። ወላጆቹ ገና ሕፃን ሳለ ተፋቱ፤ በሒሳብ ሠራተኝነት ትተዳደር የነበረችው እናቱ በኋላ ኧርቪንግ ኮፋክስ የተባለ ጠበቃ ስታገባ፣ ልጁ የእንጀራ አባቱን ስም ያዘ። በልጅነቱ የሚወደው የቅርጫት ኳስ ነበር፤ ሲንሲናቲ ዩኒቨርሲቲ ገብቶ የተጫወተውም አስቀድሞ ቅርጫት ኳስ ነው።

የብሩክሊን ዶጀርስ ክለብ በ1954 መጨረሻ ሲያስፈርመው 6,000 ዶላር ዓመታዊ ደመወዝና 14,000 ዶላር የፊርማ ክፍያ ሰጠው። የፊርማው ክፍያ በኋላ ለደረሰበት ችግር ምክንያት ሆኗል። በወቅቱ በነበረው ደንብ መሠረት ከ4,000 ዶላር በላይ የፊርማ ክፍያ የተቀበለ ወጣት ለሁለት ዓመት ከዋናው ቡድን ሊወጣ አይችልም ነበር። ሌሎች ወጣቶች በታችኛው ሊግ በየቀኑ እየተጫወቱ ሲማሩ፣ የ19 ዓመቱ ኮፋክስ ከታላላቆቹ ጎን ወንበር ላይ ተቀምጦ ቆየ። በነገራችን ላይ ለእሱ ቦታ እንዲለቀቅ በ1955 ወደ ታችኛው ሊግ የተመለሰው ወርዋሪ ቶሚ ላሶርዳ ሲሆን፣ ላሶርዳ ከብዙ ዓመታት በኋላ የዶጀርስ ታዋቂ አሠልጣኝ ሆኗል።

ክለቡ በ1958 ወደ ሎስ አንጀለስ ተዛወረ። ኮፋክስ እስከ 1960 ድረስ 36 ጨዋታ አሸንፎ 40 ተሸንፎ ነበር (በቤዝቦል የቡድኑ ድልና ሽንፈት በወርዋሪው ስም ይመዘገባል)። ፍጥነቱን የሚጠራጠር ማንም አልነበረም፤ ኳሱ ወዴት እንደሚሄድ ግን እሱም እርግጠኛ አልነበረም። የ1960 ውድድር ሲያበቃ ጓንቱንና ጫማውን ቆሻሻ ውስጥ ጥሎ ከመልበሻ ክፍሉ ወጣ፤ የዕቃ ክፍሉ ኃላፊ ግን ከቆሻሻው አንሥቶ አስቀመጠለትና በሚቀጥለው ጸደይ መለሰለት።

የትወናው ነገር መጀመሪያ ብቅ ያለውም በእነዚሁ ዓመታት ነው። አብዛኞቹ የቤዝቦል ተጫዋቾች ደመወዛቸው ስለማያደርሳቸው ውድድር በሌለበት የብርድ ወራት ሌላ ሥራ ይሠሩ ነበር። ሎስ አንጀለስ ውስጥ በቅርብ የሚገኘው ሌላ ሥራ የቴሌቪዥን ድራማ በመሆኑ፣ ቁመናውና መልኩ ያማረው ኮፋክስ በ1960 አካባቢ በጥቂት ተከታታይ ድራማዎች ላይ ትናንሽ ሚናዎች ተጫውቷል። ዐይን አፋር ስለነበረና ከካሜራ ፊት መቆሙ ስላልተመቸው በዚያ አልገፋበትም።

ነገሩ የተለወጠው በ1961 ጸደይ ነው። በአንድ የዝግጅት ጨዋታ ላይ ቀላቢው ኖርም ሼሪ ወደ ጉብታዋ ወጥቶ፣ ኳሱን ባለ በሌለ ኃይሉ መወርወሩን ትቶ ትንሽ እንዲያለዝበው መከረው። ኮፋክስ ምክሩን ሲሞክረው ኳሱ ፍጥነቱን እንደማያጣ፣ ይልቁንም ወደ ፈለገበት ቦታ እንደሚሄድለት አየ። በዚያው ዓመት 18 ጨዋታ አሸንፎ 269 መቺዎችን አሰናበተ። በ1963 አሸናፊነቱ 25፣ ሽንፈቱ 5 ብቻ ሆነ። በ1965 ደግሞ 26 ጨዋታ አሸነፈ፤ 382 መቺዎችን አሰናበተ፤ ሴፕቴምበር 9 ቀን ከቺካጎ ካብስ ጋር በተደረገው ጨዋታ ከተጋጣሚዎቹ አንዱ እንኳ ማረፊያ ሳይረግጥ ዘጠኙን ዙር ጨረሰ።

በዚያው ዓመት በዓለም ሻምፒዮና ፍጻሜ የመጀመሪያው ጨዋታ ዮም ኪፑር በተባለው የአይሁድ የስርየት ቀን ላይ ስለዋለ፣ ኮፋክስ ለሃይማኖቱ ሲል አልጫወትም አለ። በእሱ ፈንታ የገባው ሌላው የክለቡ ወርዋሪ ዶን ድራይስዴል ተሸነፈ። በመጨረሻው ሰባተኛ ጨዋታ ላይ ግን ኮፋክስ ሁለት ቀን ብቻ አርፎ ወረወረና ምንም ነጥብ ሳይቆጠርበት 2 ለ 0 አሸነፈ። ዶጀርስም ዋንጫውን ወሰደ።

ክንዱ ምን ሆኖ ነበር?

ይህን ሁሉ የሠራው በታመመ ክንድ ነው። የወርዋሪ ክርን በእያንዳንዱ ውርወራ ይለጠጣል፣ ይጠመዘዛል፤ ይህ በሺዎች ሲባዛ አጥንትና አጥንትን የሚለየው ለስላሳ ሽፋን ይበላል፣ መጋጠሚያው ይቆጣል፣ ያብጣል። በ1964 ዶ/ር ሮበርት ከርላን የኮፋክስን ግራ ክርን መርምረው ከጉዳት የመጣ የመገጣጠሚያ ብግነት መሆኑን ነገሩት፤ ይህ በሽታ እየባሰ እንጂ እየተሻለው እንደማይሄድም ታወቀ።

ከዚያ በኋላ የነበረው ልማድ ለማየት የሚከብድ ነው። ከጨዋታ በፊት ጀርባውና ክንዱ የሚያቃጥል ቅባት ይቀባል፤ ብግነቱን የሚያስታግሱ ክኒኖች ይውጣል፤ አንዳንዴም መርፌ በቀጥታ መጋጠሚያው ውስጥ ይወጋል። ጨዋታው ሲያልቅ ቆዳው በብርድ እንዳይጎዳ ከመኪና ጎማ ከመነዳሪ የተቆረጠ ላስቲክ ክንዱ ላይ አጥልቆ፣ ክርኑን በረዶ በሞላ ባልዲ ውስጥ ነክሮ ይቀመጣል። በዚህ ሁኔታ በ1965 ከ335 ዙር በላይ ወረወረ። የዛሬ ወርዋሪዎች በአንድ የውድድር ዓመት 200 ዙር ከደረሱ ብዙ እንደሠሩ ይቆጠራል። ስለዚህ በ1966 ለድርድር ሲቀመጥ ምን ያህል ጊዜ እንደቀረው ከማንም ይልቅ እሱ ያውቅ ነበር፤ የጠየቀው ገንዘብም መታየት ያለበት ከዚህ አንጻር ነው።

የይዞታ አንቀጽ የሚባለው ምንድን ነው?

የክለብ ባለቤቶች ከ1879 ጀምሮ አንዱ ክለብ የያዘውን ተጫዋች ሌላው እንዳይወስድ ተስማምተው ነበር። ይህ ስምምነት እያደገ ሄዶ በእያንዳንዱ ተጫዋች ውል ውስጥ የሚገባ አንቀጽ ሆነ፤ እዚህ የይዞታ አንቀጽ እንለዋለን። አንቀጹ በቀላል አነጋገር የሚለው፣ ክለቡና ተጫዋቹ በደመወዝ ካልተስማሙ ክለቡ ያለፈውን ውል ለአንድ ዓመት በራሱ ፈቃድ ሊያድሰው ይችላል ነው። የታደሰው ውል ውስጥም ይኸው አንቀጽ ስላለ፣ ክለቦቹ በሚቀጥለው ዓመት እንደገና እናድሰዋለን፣ ከዚያም በሚቀጥለው፣ እያሉ ያለ ገደብ ይተረጉሙት ነበር።

አንድ የሚኒባስ ሹፌር ከአንድ ባለንብረት ጋር አንድ ጊዜ ብቻ ፈርሞ፣ ከዚያ ወዲያ ባለንብረቱ የፈለገውን ክፍያ ቢወስንለት፣ ሹፌሩ አልሠራም ቢል ደግሞ በአገሩ ያሉ ባለንብረቶች ሁሉ ተስማምተው ቁልፍ ቢከለክሉት ማለት ነው። ሹፌሩ የተተወለት ምርጫ ሁለት ብቻ ነው፤ በተሰጠው ይነዳል ወይም መንዳት ይተዋል። ባለንብረቱ ግን ሹፌሩን ከነውሉ ለሌላ ባለንብረት ሊሸጠው ይችላል።

እንዲህ ያለው ስምምነት በሌላ ሥራ ዘርፍ ቢደረግ ሞኖፖሊን በሚከለክለው ሕግ ያስጠይቅ ነበር። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን በ1922 ቤዝቦል ይህ ሕግ የሚመለከተው በክፍለ ግዛቶች መካከል የሚደረግ ንግድ አይደለም ብሎ ወስኗል፤ ውሳኔውን በ1953 እንደገና አጽንቶታል። ስለዚህ ተጫዋች ቢከስም የሚያሸንፍበት መንገድ ጠባብ ነበር። የተጫዋቾች ማኅበር በስም ቢኖርም ጡንቻ አልነበረውም፤ ወኪል ይዞ ወደ ክለብ ቢሮ መግባትም እንደ ድፍረት ይታይ ነበር።

ታዲያ ፊልሙ ከየት መጣ?

በ1965 ኮፋክስ 26፣ ድራይስዴል 23 ጨዋታ አሸንፈዋል። ዶጀርስ ካሸነፋቸው 97 ጨዋታዎች ከግማሽ የሚበልጡት የሁለቱ ነበሩ ማለት ነው። ወደ ስታዲየሙ የገባው ተመልካችም ከ2.5 ሚሊዮን በላይ ነበር። ሆኖም ለ1966 ደመወዝ ለመነጋገር ለየብቻቸው ወደ ዋና ሥራ አስኪያጁ ባዚ ባቫሲ ቢሮ ሲገቡ፣ ለእያንዳንዳቸው የሚነገራቸው የጓደኛቸው ጥያቄ ከእነሱ ያነሰ መሆኑ ነበር። ሁለቱ አንድ ቀን ማታ ከድራይስዴል ባለቤት ከጂንጀር ጋር እራት ላይ ተቀምጠው የተባሉትን ሲያስተያዩ ነገሩ ገባቸው። በሞዴልነትና በትወና ትሠራ የነበረችው ጂንጀር፣ አንዱን በአንዱ ላይ እንዳይጠቀምባቸው ለምን አብረው አይደራደሩም የሚል ሐሳብ አቀረበች። እኔ እስከሚገባኝ ድረስ በዚህ ታሪክ ውስጥ ከተነገሩት ቃላት ሁሉ የከበደው ይህ የእራት ጠረጴዛ ሐሳብ ነው።

በዚሁ መሠረት ሁለቱ ለሦስት ዓመት፣ ለሁለት እኩል የሚካፈሉት 1 ሚሊዮን ዶላር ጠየቁ። ይህ ለእያንዳንዳቸው በዓመት 167,000 ዶላር ገደማ ይመጣል፤ ያኔ 100,000 ዶላር የሚደርሱት ጥቂት ኮከቦች ብቻ ነበሩ። አንዱ ካልተስማማ ሌላው እንደማይፈርምም ቃል ተገባቡ። ክለቡን ያስቆጣው የገንዘቡ መጠን ብቻ አልነበረም፤ ሁለት ተጫዋቾች በጋራ መቆማቸው፣ የሚናገርላቸውም ጠበቃ መያዛቸው ጭምር ነው። ቡድኑ ያለ እነሱ ወደ ፍሎሪዳ ሄደ።

አሁን የፊልሙ ትርጉም ግልጽ ይሆናል። ሌላ ክለብ ሊቀጥራቸው ስለማይችል፣ ክለቡ የሚጠብቀው ገንዘብ ሲያልቅባቸው እስኪመለሱ ነበር። ጠበቃቸው ዊልያም ሄይስ በሆሊውድ ከተዋንያን ጋር የሚሠራ ሰው በመሆኑ ከፓራማውንት ጋር አፈራረማቸው፤ የሁለቱም ሚና ትናንሽ ቢሆንም ዜናው በየጋዜጣው ወጣ። ለክለቡ የተላለፈው መልእክት፣ እነዚህ ሰዎች ሳይወረውሩም መኖር ይችላሉ የሚል ነበር።

ከሆሊውድ የመጣው ሌላው መሣሪያ ሕግ ነው። ተዋናይቷ ኦሊቪያ ደ ሃቪላንድ ዋርነር ብራዘርስ ስቱዲዮ ውሏን ያለ እሷ ፈቃድ በማራዘሙ ከስሳ፣ የካሊፎርኒያ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በ1944 የማንም ሰው የግል አገልግሎት ውል ከሰባት ዓመት በላይ ሊያስገድደው እንደማይችል ወስኖ ነበር። ኮፋክስና ድራይስዴል ከዶጀርስ ጋር ከፈረሙ 11 ዓመት አልፏቸዋል። ሄይስ ይህን ውሳኔ መሠረት ያደረገ ክስ ማዘጋጀት ጀምሮ ነበር፤ ክሱ ቢቀርብና ቢያሸንፍ በካሊፎርኒያ የይዞታ አንቀጽ መሠረቱ ይናጋ ነበር።

ክሱ ግን አልተመሠረተም። ቀድሞ ለዶጀርስና ለካብስ የተጫወተው፣ በኋላም የቴሌቪዥን ተዋናይ ሆኖ የታወቀው ቻክ ኮነርስ ድራይስዴልንና ባቫሲን አገናኛቸው። ከ32 ቀናት እምቢታ በኋላ በማርች መጨረሻ ኮፋክስ በ125,000፣ ድራይስዴል በ110,000 ዶላር ፈረሙ። የጠየቁትን ሙሉ በሙሉ አላገኙም፤ የሦስት ዓመት ውልም አልተሰጣቸውም። ይሁን እንጂ በ1965 ይከፈላቸው ከነበረው 85,000 እና 80,000 ዶላር ጋር ሲነጻጸር ጭማሪው ትልቅ ነበር። ፊልሙ ያለ እነሱ ተሠርቶ ወጣ።

ኮፋክስ ከዚያ ወዲያ ምን ሆነ?

በ1966 በ27 ጨዋታዎች አሸንፎ 317 መቺዎችን አሰናበተ። ኖቬምበር 18 ቀን፣ በ30 ዓመቱ፣ በቃኝ አለ፤ ከእንግዲህ ለሚኖርበት ዘመን ክንዱን እንደ ማንኛውም ሰው መጠቀም እንደሚፈልግ ለጋዜጠኞች አስረዳ። ዛሬ ወርዋሪዎችን ወደ ሜዳ የሚመልሰውን የክርን ጅማት ቀዶ ሕክምና ዶ/ር ፍራንክ ጆብ በዶጀርሱ ወርዋሪ በቶሚ ጆን ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ያደረጉት በ1974 ነው። የኮፋክስ ሕመም በዋናነት የመገጣጠሚያ ብግነት ስለነበር ያ ሕክምና ቀድሞ ቢገኝ ኖሮ ያድነው ነበር ብሎ መናገር ግን ያስቸግራል።

ኤን ቢ ሲ የተባለው የቴሌቪዥን ጣቢያ በስፖርት ዘጋቢነት የ10 ዓመት ውል ሰጥቶት ነበር፤ ካሜራው አሁንም ስላልተመቸው ውሉ ሳያበቃ በስድስት ዓመቱ ለቀቀ። በ1972 በ36 ዓመቱ ወደ ቤዝቦል የዝና አዳራሽ ሲገባ በዕድሜ ከሁሉም ያነሰ ሆነ። ከ1979 ጀምሮም ለዓመታት በዶጀርስ ታችኛ ቡድኖች ውስጥ ወጣት ወርዋሪዎችን አሠልጥኗል። ከካሜራ ፊት የተመቸው ድራይስዴል ነበር፤ በበርካታ የቴሌቪዥን ድራማዎች ላይ ታይቷል፤ በ1993 እስኪሞት ድረስም በጨዋታ አስተላላፊነት ሠርቷል።

የይዞታ አንቀጹስ እንዴት ፈረሰ?

በአንድ ቀን አልፈረሰም። ሁለቱ ወርዋሪዎች በፈረሙበት ሰሞን ተጫዋቾች ከብረታ ብረት ሠራተኞች ማኅበር የመጡትን ማርቪን ሚለርን የማኅበራቸው መሪ አድርገው መረጡ። በ1968 የመጀመሪያው የኅብረት ስምምነት ተፈርሞ ዝቅተኛው ደመወዝ ከ6,000 ወደ 10,000 ዶላር ከፍ አለ። ያለ ፈቃዱ ወደ ፊላደልፊያ የተዛወረው ከርት ፍለድ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ተከራክሮ በ1972 ተሸነፈ። በመጨረሻ ድሉን ያመጣው የግልግል ዳኝነት ነው። ሌላው የዶጀርስ ወርዋሪ አንዲ መሰርስሚዝና ዴቭ ማክናሊ አዲስ ውል ሳይፈርሙ የ1975ን የውድድር ዓመት አሳለፉ፤ ገላጋይ ዳኛው ፒተር ሳይትዝም ዲሴምበር 23 ቀን ውሳኔያቸውን ሰጡ። ክለብ ውሉን ለአንድ ዓመት ማደስ ይችላል ማለት ለአንድ ዓመት ብቻ ማለት ነው፤ ከዚያ በኋላ ተጫዋቹ ነጻ ነው።

በ1976 አዲሱን ስምምነት ሲደራደሩ ባለቤቶቹ የኮፋክስንና የድራይስዴልን ጉዳይ አልረሱትም ነበር። ነጻ የወጡ ተጫዋቾች ተባብረው እንዳይደራደሩ የሚከለክል ቃል እንዲገባ ጠየቁ። ሚለር የተስማሙት ክልከላው ባለቤቶቹንም እኩል የሚይዝ ከሆነ ብቻ ነው፤ ስለዚህ ተጫዋቾች ከተጫዋቾች ጋር፣ ክለቦችም ከክለቦች ጋር እንዳይመሳጠሩ ተብሎ ተጻፈ። ከ1985 እስከ 1987 ባለቤቶቹ አንዱ የሌላውን ነጻ ተጫዋች ላለመቅጠር መመሳጠራቸው በግልግል ዳኞች ሲረጋገጥ የተጠየቁት በዚሁ ቃል ነው፤ በ1990ም ለተጫዋቾች 280 ሚሊዮን ዶላር ለመክፈል ተስማሙ። ይህ አንቀጽ ዲሴምበር 1 ቀን 2026 በሚያበቃው ስምምነት ውስጥም ይገኛል።